ኩታዬ የነቀምቴን ማታ እንደ ጎበኘ

ቀኑን ለሥራ ሌሊቱን ለዕረፍት ለይቶ የፈጠረ፥ ይህንም ሥርዐት ሰው ሲያፋልሰው በትዕግሥት የሚመለከት እግዚአብሔር ስሙ የተመሰገነ ይሁን። ምስጋናውን ያስቀደምሁት ልማድ ስለ ሆነብኝ ብቻ አይደለም። ከዚህ ቀጥሎ የምጽፈው በነቀምቴ ከተማ ስለ ነበሩ የመጠጥ ቤቶች ስለ ሆነ፥ ከእነርሱ ስም አስቀድሞ የእርሱ ስም መጠራት ይገባዋል ብዬ ነው።

ነገሩ የሆነው በጃንሆይ ዘመን፥ ነቀምቴ የመብራት ሞተር ካገባች ብዙም ሳይቆይ ነው። እኔ በአኖ ከተማ በመሪጌታነት አገለግል ነበር። ጎረቤቴ ኦቦ ዲንሳ የወፍጮ ቤት ባለቤትና የወንጌላውያን ጉባኤ ሽማግሌ ናቸው። ስለ ጾምና ስለ ቅዱሳን አማላጅነት ሃያ ዓመት ያህል ተከራክረናል። እርሳቸው እስከ ዛሬ አልጾሙም፤ እኔም ጾሜን አልተውሁም። እህሌን የሚፈጩልኝ ግን እርሳቸው ናቸው፤ ዱቄቱም ከክርክሩ የተነሣ ሻክሮ አያውቅም።

ሁለታችንን በአንድ አውቶቡስ ያሳፈረን የመምህር ታደሰ ጉዳይ ነው። ታደሰ በአኖ ትምህርት ቤት የሚያስተምር፥ አባቱ የሸዋ ሰው የነበሩ፥ እናቱ ደግሞ የኦቦ ዲንሳ እኅት የሆኑ ወጣት ነው። አባቱ ካረፉ ወዲህ ለነፍሱ እኔን፥ ለሥጋው አጎቱን ይጠይቃል። ይህ ልጅ ነቀምቴ ሲማር ያወቃትን አልማዝ የምትባል ልጅ ወደደ። አልማዝ የባላምባራስ ወልደ ጊዮርጊስ አንድያ ልጅ ናት።

ባላምባራስን በአካል አላውቃቸውም ነበር፤ ዝናቸውን ግን ያልሰማ አልነበረም። ከመጠጥ ቤት ደጃፍ ጥላቸው እንኳ አያርፍም ይባላል። ከእኛ በፊት ልጃቸውን ሊጠይቁ ከሄዱት ሽማግሎች አንዱ ጠጅ ጠጅ ስለ ሸተታቸው፥ «ስትነቁ ተመለሱ» ብለው ሁሉንም ከደጅ መልሰዋቸዋል።

በሀገራችን ልማድ የልጅ አባት በመጀመሪያው ቃል እሺ እንደማይል አንባቢ ያውቃል። አንድ ጊዜ «ዘመድ ላማክር» ይላል፤ ሁለተኛ «ልጅቱ ገና ናት» ይላል፤ በሦስተኛው ፊቱን ይፈታል። በመጀመሪያው ጥያቄ ልጁን የሚሰጥ አባት ልጁ የከበደችው ስለሚመስል፥ እምቢታው የክብር ዕዳ ነው። እኛ ግን ለሦስት ጊዜ ምልልስ የሚበቃ ቀን አልነበረንም። ታደሰ ወደ ሩቅ ጠቅላይ ግዛት እንዲዛወር ደብዳቤ ደርሶታል፤ የሚሄደውም በፋሲካ ማግስት ነው። ሰኞ ዐቢይ ጾም ይገባል፤ በጾም ደግሞ የጋብቻ ነገር አይነሣም። ከፋሲካ በኋላ ሁለት ካሚዮን ያለው አንድ የጊምቢ ነጋዴ ሽማግሌ ሊልክ መዘጋጀቱም ተሰምቷል። ስለዚህ የቀረን የቅበላው እሑድ ብቻ ነበር። ተስፋ ያደረግነውም እሺታን ሳይሆን ለስላሳ እምቢታን ነው።

ታደሰ ሲሸኘን፥ «የኔታ፥ አይሆንም ቢሉ እንኳ በሩን ገርበብ አድርገው እንዲተዉት ለምኑልኝ» አለኝ። አውቶቡሱ ከዐይን እስኪሰወር ድረስም ከቆመበት አልተነቃነቀም።

ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ ነቀምቴ ደረስን። ያደርንበት ሆቴል ለማ የሚባል አስተናጋጅ ነበረው። ለማ አሥመራ በውትድርና የኖረ፥ ክራባት የማይፈታ፥ ከእጁ ባትሪ የማይለይ ሰው ነው። መኝታችንን ካሳየን በኋላ ቀጥ ብሎ ቆሞ፥ ቤቱ ለክቡራን እንግዶቹ የማታ ጉብኝት ማዘጋጀቱን፥ በዚህም የከተማው ሦስት የምሽት ሰፈሮች ከነማብራሪያቸው እንደሚታዩ፥ እንዲህ ያለው ሥልጣኔ ከአሥመራ ቀጥሎ በነቀምቴ ብቻ እንደሚገኝ አስታወቀን።

እዚህ ላይ ስሕተታችንን ልናዘዝ። እኔ ኦቦ ዲንሳ እምቢ ይላሉ ብዬ ጠበቅሁ። መጠጥ በከንፈራቸው የማይነኩ ሰው ስለ ሆኑ እምቢታው ለእርሳቸው ይቀላል። እርሳቸውም እኔን ይጠብቁ ኖሯል፤ ጥምጥም የጠመጠመ ሰው እያለ እርሳቸው ቀድመው ቢከለክሉ እኔን መንቀፍ ይመስልብኛል ብለው ነው። አንዳችን የሌላውን ፊት ስናይ፥ ለማ ዝምታችንን እንደ ፈቃድ ቆጥሮ ባትሪውን አበራ። ክፉ ምኞት የወሰደን ቢሆን ኖሮ ንስሓ ይገኝለት ነበር፤ እኛን የወሰደን ይሉኝታ ነው፤ ለይሉኝታ የተጻፈ ንስሓ ደግሞ እስከ ዛሬ አላገኘሁም።

ሦስተኛው ጎብኚ ከጉቴ የመጣ የቆዳ ነጋዴ ነበር፤ ሰፊ ሳቅና ሰፊ ክንድ የታደለ ሰው። ለማ ከፊት፥ እኛ ከኋላ ሆነን ጨለለቂ ወደሚባለው መንደር አቀናን። ለማ በየርምጃው እየቆመ በባትሪው እያመለከተ ያስረዳል። ይህ በስተ ቀኝ የምታዩት የመብራት ምሰሶ ነው ይላል። ይህ በስተ ግራ ያለው ገና ያልቆመ የመብራት ምሰሶ ነው ይላል። አሥመራ ቢሆን ሁለቱም በቆሙ ነበር ይላል። ኦቦ ዲንሳ ለእያንዳንዱ ምሰሶ ራሳቸውን ይነቀንቃሉ፤ ጨዋ ሰው ናቸው።

የመጀመሪያው ሰፈር ጠጅ ቤት ነበር። ጾም ሊገባ አንድ ቀን ስለ ቀረው፥ ሕዝቡ የኀምሳ አምስቱን ቀን ሁሉ በአንድ ማታ ሊቀበል የመጣ ይመስላል። ለእኔ ጠጅ በበዓል ቀን እንግዳ አይደለም፤ ነገር ግን የነገውን አፍንጫ አስቤ ብርዝ እንዲያመጡልን ለመንሁ። አሳላፊዋ በቅበላ ማታ ብርዝ የሚጠጣ ሰው አይታ እንደማታውቅ ነግራኝ ሁለት ብርሌ ሙሉ ጠጅ አስቀመጠች። ኦቦ ዲንሳ ብርሌውን ከሰውነታቸው አርቀው፥ ገና ክርስትና ያልተነሣ የሰው ሕፃን እንደሚይዝ ሰው በሁለት እጃቸው ያዙት። የጉቴው ነጋዴ ይህን ሲያይ አዘነልን። ክንዱን በአንገቴ ላይ ጠምጥሞ፥ «አይዞን የኔታ፥ እኔ ለሦስታችንም እጠጣለሁ» አለና ብርሌውን ከፍ አደረገ። ክንዱም ብርሌውም ሰፊ ስለ ነበሩ ግማሹ ጠጅ እርሱ ጋ፥ ግማሹ እኔ ጋ ደረሰ።

የለበስሁት ለነገው ሽምግልና ብዬ የያዝሁት ነጭ ኩታ ነበር። ሌላ አላመጣሁም።

ኦቦ ዲንሳ ጎንበስ ብለው ኩታዬን አሸተቱ። ከዚያ ቀና ብለው፥ «ዋቃዮ ኒ ቤካ» አሉ፤ እግዚአብሔር ያውቃል ማለታቸው ነው። ይህን ቃል በሐዘንም በደስታም በወፍጮ ብልሽትም ጊዜ ይሉታል፤ የትኛው እንደ ሆነ የሚለየው በድምፃቸው ነው። ያን ጊዜ የወፍጮ ብልሽት ድምፅ ነበር።

ለማ አልተደናገጠም። ሁለተኛው ሰፈር ሳሙና አለ አለን።

ሁለተኛው ሰፈር ቡና ቤት ነው። ስሙ እንዲህ ይባል እንጂ በዚያ ቤት ቡና ሲጠጣ አላየሁም። ባለቤቷ አዴ ጫልቱ የምትባል ቆፍጣና ሴት ናት። «አካም ጂርቱ» ብላ በኦሮምኛ በአክብሮት ሰላምታ ሰጠችን፤ ወዲያው ጥምጥሜን አይታ ገበያ የሚስብ ክታብ እንድጽፍላት ጠየቀችኝ። እኔ ዜማ እንጂ ክታብ እንደማላውቅ፥ ብጽፍም ለዚህ ዐይነቱ ገበያ እንደማልጽፍ በትሕትና አስረዳኋት። ማስረዳቴ ረዘም ሳይል አልቀረም፤ ምክንያቱም ስጨርስ ኩታዬ ከላዬ ላይ አልነበረም።

አዴ ጫልቱ ወስዳ በሳሙና አሽታ፥ ጨምቃ፥ በከሰል ካውያ ግማሽ አድርቃ መለሰችልኝ። «የኔታ፥ የጠጅ ሽታ በሳሙና ብቻ አይለቅም፤ ስንት ባል ከዚህ ቤት አጥቤ ለሚስቱ ልኬያለሁ» አለችኝ። «ስለዚህ የራሴን ጨመርሁበት።»

የጨመረችው ሽቶ ነው። ያውም በእጇ መዳፍ ለክታ ሳይሆን ጠርሙሱን ዘቅዝቃ። ኩታውን ብለብሰው በዚያ ቤት የተቀመጡት ሁሉ ዞር አሉ። እኔና ኦቦ ዲንሳ ወደ ጥግ ሄደን ተማከርን። ጠጅ የሸተተ ሽማግሌ ከደጅ እንደሚመለስ በምስክር የታወቀ ነው፤ የቡና ቤት ሽቶ የሸተተ ሽማግሌ ግን ምን እንደሚደረግ በባላምባራስ ቤት ገና አልተፈረደም። ኦቦ ዲንሳ ኩታውን አውልቄ በኮት ብቻ እንድቀርብ አሳሰቡ፤ ኮቴ ክርኑ ላይ ስለ ተቀደደ ተውነው። የእርሳቸውን ጋቢ ሊሰጡኝም ፈቀዱ፤ እርሱ ግን የወፍጮ ቤቱን ዱቄት ስለ ጠገበ ሲራገፍ ሁለታችንንም አስነጠሰን። ከዚህ ሁሉ በኋላ የታደሰን አቋቋም አሰብሁ፤ አውቶቡሱን እያየ እንደ ቆመ ነው የታየኝ።

ወደ ሆቴላችን እንመለስ ብንል ለማ ጉብኝት በመካከሉ አይቋረጥም አለ፤ አሥመራ ውስጥ ይህ ነውር ነው። መንገዱን የሚያውቀው እርሱ፥ ባትሪውም በእርሱ እጅ ስለ ሆነ ተከተልነው። በሦስተኛው ሰፈር ደጃፍ ቆሞ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ይህ ደግሞ ማታ ማታ የማይወጡ ሰዎች የሚያመሹበት ቤት ነው» አለ።

በውስጡ ሸክላ ይዘፍናል፤ በስተ ኋላ በመጋረጃ የተከለሉ ትንንሽ ክፍሎች ነበሩ። ገና እየገባን ሳለ የመብራቱ ሞተር ቀጥ አለ። ሸክላው በዘፈኑ መካከል እንደ ደከመው ሽማግሌ ድምፁን ጎትቶ ዝም አለ። ለማ ባትሪውን ቢጫን አልበራ አለ፤ ባትሪው በመብራት ምሰሶዎቹ ላይ አልቋል። ሰው ሁሉ ሲተራመስ እኔ መጋረጃ ጨብጬ ወደ ውስጥ አፈገፈግሁ፤ ከኋላዬ መደብ ስላገኘሁ ተቀመጥሁ።

«ይቀመጡ» አለኝ አንድ ከባድ ድምፅ ከተቀመጥሁ በኋላ።

ይቅርታ ጠየቅሁ። ድምፁ ጨዋ፥ የሸዋ ሰው ድምፅ ነው፤ ጥቂት ጠጅ ያለሰለሰው መሆኑም ያስታውቃል። የእርጥቡ ኩታ ብርድ ጥርሴን ያንገጫግጨው ስለ ነበር ምን እንደ ሆንሁ ጠየቁኝ። ሽማግሌ የሚሄድበትን ቤት አስቀድሞ አይናገርም፤ እኔም የማንንም ስም ሳላነሣ፥ ነገ በአንድ የተከበረ ቤት መቅረብ እንዳለብኝ፥ በልብሴ ሽታ ምክንያት የአንድ ምስኪን ልጅ ዕድል እንዳይሰበር እንደ ፈራሁ ነገርኋቸው። ስለ ጠጁም ስለ ሽቶውም አልደበቅሁም። ሰውየው አልሳቁም። ይህ ከጨዋነታቸው ሁሉ በለጠብኝ።

«እኔ ኩታዬን እዚህ ስመጣ ከቤቱ ሣጥን ውስጥ አስቀምጠዋለሁ» አሉኝ፤ «ሽታ እንዳይነካው ነው። ንጹሕ ነው። እርሱን ይልበሱ፤ የእርስዎን ለብርዱ እኔ ልደርበው።»

ቤትዎ ሲገቡስ ምን ይላሉ አልኋቸው።

«ለችግረኛ ሰጠሁ እላለሁ። ችግረኛ አይደሉም እንዴ?»

ነኝ አልሁ። በጨለማ ውስጥ ተቀምጠን ይህ አነጋገር ሐሰት ይሆን ወይስ እውነት በሚለው ላይ ጥቂት ተወያየን፤ ለመጽሐፍ እንግዳ አለመሆናቸው ያን ጊዜ ገባኝ። እውነት ነው፥ ግን አጭር እውነት ነው በሚለው ተስማማን። የእርጥቡ ሽታ እንዳያስጠይቃቸው ባስጠነቅቃቸውም፥ በቤታቸው ማንም እንደማይጠይቃቸው ነገሩኝ። የተናገሩት ግን በቤታቸው አዘውትሮ እንደሚጠየቅ ሰው ሆነው ነው። ኩታችንን ተለዋወጥን። መብራት ሳይመለስ ኦቦ ዲንሳ ስሜን እየጠሩ ደረሱ፤ እጄን ይዘው አወጡኝ። የባለ ድምፁን ፊት አላየሁም፥ ስማቸውንም አልጠየቅሁም፤ በዚያ ቤት ስም መጠየቅ ደግ አይመስልም።

ጠዋት ኩታውን በብርሃን አየሁት። የተፈተለበት እጅ የታወቀ እጅ ነው፤ ጥለቱ በሁለት ቢጫ መሥመሮች መካከል ጥቁር የተወረወረበት፥ እንደ ዕንቁላል ቅርፊት የጠራ ኩታ። ቅዳሴ አስቀደስሁ፤ ኦቦ ዲንሳም ከጉባኤያቸው ዘምረው መጡ። በየመንገዳችን የጸለይነው አንድ ነገር ነበር፤ ለስላሳ እምቢታ።

የባላምባራስ ግቢ ስንገባ ኦቦ ዲንሳ እጅጌዬን ጎተቱኝ። በግቢው ገመድ ላይ እርጥብ ኩታ ተሰጥቷል። በሰንበት ልብስ ማስጣት ከዚያ ቤት የሚጠበቅ አልነበረም። ይልቁንም ኩታው በአንድ ጥግ በሰማያዊ ክር ተሰፍቷል፤ ያን ስፌት የሰፋችው ባለቤቴ ናት።

«ዋቃዮ ኒ ቤካ» አሉ ኦቦ ዲንሳ። ይህን ድምፅ ከዚያ በፊት ሰምቼው አላውቅም።

መመለስ አይቻልም ነበር፤ የቤቱ እመቤት ወይዘሮ የሺ በረንዳ ላይ ቆመው ያዩናል። እጅ ነሣን፥ እጅ ነሡን። እጅ ሲነሡ ዐይናቸው ከጥለቴ ላይ አረፈ፤ ቀና ሲሉም ከዚያው ላይ ነበር። ወደ ሳሎን አስገቡን። ዘመዳቸው የሆኑ አንዲት አሮጊት ከማእዘን ተቀምጠዋል። ቀጥሎ ባላምባራስ ከጓዳ ወጡ። ፂማቸው የተበጠረ፥ ፊታቸው እንደ ችሎት የከበደ ነው።

«እንደምን አደራችሁ» አሉ።

ድምፁን አወቅሁት። እርሳቸው ደግሞ ኩታውን አወቁት። ሁለታችንም መልካም አስተዳደግ ስለ ነበረን በፊታችን ላይ አንድም ነገር አልተነበበም፤ የባላምባራስ ግራ እጅ ብቻ የወንበሩን ክንድ ፈልጎ ያዘ።

ኦቦ ዲንሳ እንደ ተሰናዳነው ተነሥተው፥ ከአኖ ድረስ የመጣነው ለመልካም ነገር መሆኑን፥ የእኅታቸው ልጅ መምህር ታደሰ የባላምባራስ ልጅ መሆን መመኘቱን በለሆሳስ ተናገሩ። ባላምባራስም ጉሮሯቸውን ጠርገው የተዘጋጀውን መልስ ጀመሩ።

«ነገሩ መልካም ነው፤ ነገር ግን ቤተ ዘመድ ሳላማክር…»

«ባላምባራስ» አሉ ወይዘሮ የሺ ከበሩ አጠገብ፥ በእርጋታ። «ትናንት ማታ ከሠርክ ጸሎት ሲመለሱ ኩታዎን የሰጡት ችግረኛ እኒህ አባት ናቸው?»

አሮጊቷ ቀና አሉ። ወይዘሮ የሺ ወደ እኔ ዞሩ።

«የኔታ፥ እግዚአብሔር ይመስገን እንኳን ለምስክርነት መጡልን። ባላምባራስን የት ነበር ያገኟቸው?»

አንባቢ ሆይ፥ እኔ በሐሰት ምስክርነት ምን እንደ ተጻፈ ልጆች ሳስተምር የኖርሁ ሰው ነኝ። እውነቱን ብናገር የሰውየው ክብር ይወድቃል፥ ከክብራቸውም ጋር የታደሰ ዕድል። ብዋሽ ነፍሴ። በአንድ ወገን የቆመው ልጅ፥ በሌላው ወገን ትምህርቴ ታዩኝ። አፌን ከፈትሁ። ምን ሊወጣ እንደ ነበር ዛሬም ድረስ ቢጠይቁኝ አላውቅም፤ አፌ ግን መከፈቱን ሁሉም አይተዋል።

«ሰጥቻለሁ» አሉ ባላምባራስ።

አሮጊቷ ኩታውን ማለታቸው መስሏቸው «መስጠትዎንማ ሰማን» አሉ።

«ልጄን ሰጥቻለሁ። ለመምህሩ። ዛሬውኑ። ቀለበቱን ለፋሲካ ይላኩ።» ይህን ብለው ተቀመጡ፤ ሲቀመጡም ዐሥር ዓመት የጨመሩ ይመስሉ ነበር።

በመጀመሪያው ቃል። አሮጊቷ በዚህ ዕድሜያቸው እንዲህ ያለ ነገር አይተው እንደማያውቁ ለግድግዳው ነገሩት። ወይዘሮ የሺ ግን ነገሩ እንዳይመለስ ፈጥነው እልል አሉ፤ ከጓዳውም ሌላ፥ የወጣት ሴት እልልታ መለሰላቸው። የተጠየቅሁት ጥያቄ በእልልታው መካከል ጠፋ። እኔም አልፈለግሁትም።

ስንወጣ ወይዘሮ የሺ እስከ በር ሸኙኝ። ገና ያልደረቀውን ኩታዬን አጥፈው በእጄ አኖሩ፤ የባላምባራስንም ተቀበሉኝ።

«የጠጁ ሽታ በመጀመሪያው ውኃ ሄደ፤ የሽቶው ግን ሦስት ውኃ ፈጀብኝ» አሉኝ። «በሰንበት ማጠቤን ለንስሓ አባቴ እናገራለሁ። ከወዴት እንደ መጣ ግን አልናገርም። ልጄ መምህሩን እንደምትወድ ካወቅሁ ሁለት ዓመቴ ነው፤ ባላምባራስን በአንድ ቃል እሺ የሚያሰኝ ነገር ግን እስከ ትናንት ማታ አላገኘሁም ነበር።»

በሠርጉ ቀን ከባላምባራስ ጋር ጎን ለጎን ተቀመጥን። ብርዝ አዘው ለሁለታችንም አስቀዱልን፤ ስለ ቅዱስ ያሬድ ዜማ ስንጫወት ዋልን። ስለ ሌላ ነገር አልተነሣም።

በአኖ ግን ዝናችን ወጣ። ባላምባራስን የመሰለ ሰው በመጀመሪያው ጥያቄ ያስፈቀደ አንደበት ምን ዐይነት ቢሆን ነው ተባለ፤ ከሩቅ መንደር ድረስ በሽምግልና ይጠሩን ጀመር። ሁለት ጊዜ ሄደን ሁለቱንም ጊዜ እንደማንኛውም ሽማግሌ ከደጅ ተመለስን። ሰዎች ኦቦ ዲንሳን ያን ቀን በነቀምቴ ምን ብላችሁ ነው ያሸነፋችሁት ብለው ሲጠይቋቸው፥ ወፍጯቸውን ዘግተው፥ እጃቸውን ከዱቄቱ አራግፈው አንድ መልስ ብቻ ይሰጣሉ።

«ዋቃዮ ኒ ቤካ።»

ይህን ያነበብህ ወንድሜ፥ ያነበብሽ እኅቴ፥ የተሰወረውን የሚያይ አምላክ ገበናችሁን በምሕረቱ ኩታ ይሸፍንላችሁ። ወንዶች ልጆቻችሁ በለስላሳ ቃል የሚቀበላቸው ደጅ አይጡ፤ ሴቶች ልጆቻችሁም ከወደዱት ጋር ለወግ ለማዕረግ ይብቁ። ከቤታችሁ በማታ የወጣውን በሰላም ይመልስላችሁ፤ ቤታችሁ የሚጠብቀውንም ሰው አስተዋይ ያድርግላችሁ። አሜን።